ፈቃዱ ድልድዩ ላይ ያበቃል፦ አሜሪካ ውስጥ ሽጉጥ ይዞ ሌላ ስቴት መሄድ

ከአሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ ተነስቶ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ ያለ ዘመድ ቤት ለመድረስ፣ መንገዱ ካልተዘጋጋ ግማሽ ሰዓት ገደማ ነው። ለክርስትና፣ ለለቅሶ፣ እንጀራ ለመግዛት፣ ጸጉር ለመሠራት የኛ ሰው በሳምንት ስንቴ እንደሚመላለስበት እናውቃለን። ድልድዩ ላይ ኬላ የለም፣ የተወጠረ ገመድ የለም፣ መታወቂያ የሚጠይቅ የለም። ያለው የእንኳን ደህና መጣችሁ ሰሌዳ ብቻ ነው። ወገቡ ላይ ሽጉጥ የታጠቀ ሰው ያንን ሰሌዳ ሲያልፍ ግን፣ ከአንድ ደቂቃ በፊት ሕጋዊ የነበረው ሰው በዚያው ሽጉጥና በዚያው ፈቃድ ወንጀል እየሠራ ነው።

ይሄን ጽሑፍ ያዘጋጀነው ሽጉጥ ያዙ ወይም አትያዙ ለማለት አይደለም። እሱ ሌላ ክርክር ነው። እኛን ያሳሰበን ፈቃድ አውጥቶ፣ ሥልጠና ወስዶ፣ ሕጉን አክብሮ የሚኖር ሰው ባላሰበው ቦታ እጁ ላይ ካቴና የሚገባበት ሁኔታ ነው። ለዜጋ ቅጣቱ እስርና ገንዘብ ነው። ግሪን ካርድ ላለው ሰው ግን ከአገር መባረር ሊሆን ይችላል። ወደዚህ እንመለሳለን፣ እስከዚያ ታገሱን። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው። ጽሑፉ ጠቅላላ መረጃ ነው እንጂ የጠበቃ ምክር አይደለም፤ ሕጎቹም ቶሎ ቶሎ ስለሚቀየሩ ከመንቀሳቀሳችሁ በፊት ማጣራት የናንተ ፋንታ ነው።

መንጃ ፈቃድ ይሠራል፣ የሽጉጥ ፈቃድስ?

የብዙ ሰው ስህተት የሚጀምረው እዚህ ነው። በቨርጂኒያ መንጃ ፈቃድ ካሊፎርኒያ ድረስ ነድተን እንሄዳለን፣ ቴክሳስ የተጋባ ሰው ኒው ዮርክ ሲገባ ጋብቻው አይፈርስም። ስለዚህ የሽጉጥ ፈቃድም እንደዚያ የሚሠራ ይመስለናል። አይሠራም። አንድ ስቴት የሌላውን ፈቃድ እንዲቀበል የሚያስገድድ የፌዴራል ሕግ የለም። እያንዳንዱ ስቴት የማንን ፈቃድ እንደሚቀበል ራሱ ይወስናል፤ አንዳንዶቹ የሁሉንም ይቀበላሉ፣ አንዳንዶቹ መርጠው፣ አንዳንዶቹ የማንንም አይቀበሉም።

ይሄን ለመለወጥ ተሞክሯል። ሁሉም ስቴት የሁሉንም ፈቃድ እንዲቀበል የሚያደርገው ረቂቅ ሕግ በታኅሣሥ 2017 በተወካዮች ምክር ቤት አለፈ፣ ሴኔት ላይ ግን ቀረ። በ2025 መጀመሪያ ላይ እንደገና ቀርቦ በመጋቢት የምክር ቤቱን የሕግ ኮሚቴ አልፏል። ቲክቶክ ላይ «አለቀ፣ አሁን የትም መያዝ ይቻላል» እያሉ የሚለጥፉ አሉ። ረቂቅ ሕግ ኮሚቴ ስላለፈ ሕግ አይሆንም። ሁለቱም ምክር ቤቶች ማጽደቅ፣ ፕሬዝዳንቱም መፈረም አለባቸው።

ሌላው የሚያምታታው የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የሰኔ 2022 ውሳኔ ነው። ፍርድ ቤቱ ሰው ከቤቱ ውጭም ራሱን ለመከላከል መሣሪያ የመያዝ ሕገ መንግሥታዊ መብት አለው አለ፤ «ልዩ ምክንያት ካላቀረብክ ፈቃድ አንሰጥም» የሚለውን የኒው ዮርክ ሕግም ሻረ። ትልቅ ውሳኔ ነበር። ነገር ግን ስቴቶች ፈቃድ መጠየቅ አይችሉም አላለም፣ የሌላውን ፈቃድ ተቀበሉም አላለም። ያመጣው ለውጥ ፈቃድ ማግኘትን ማቅለሉ ነው። ፈቃዱን ግን አሁንም ከያንዳንዱ ስቴት ማውጣት ያስፈልጋል።

«ያለ ፈቃድ መያዝ ይቻላል» የሚባለውም ነገር አለ። በ2024 ደቡብ ካሮላይናና ሉዊዚያና ሲጨመሩ፣ አዋቂ ሰው መሣሪያ የመያዝ ክልከላ እስከሌለበት ድረስ ያለ ፈቃድ ሸሽጎ መታጠቅ የሚችልባቸው ስቴቶች 29 ደርሰዋል። ቴክሳስ፣ ጆርጂያ፣ ኦሃዮ ከነዚህ ውስጥ ናቸው። ዳላስ ወይም አትላንታ የሚኖር ልጅ «እኔ ጋ ፈቃድ አያስፈልግም» ሲል ልክ ነው። ችግሩ ከስቴቱ ሲወጣ ነው፤ ፈቃድ ከሌለው ሌላው ስቴት የሚቀበለው ነገርም የለውም። ቨርሞንትን ብትወስዱ ድሮም ፈቃድ ጠይቆ አያውቅም፣ አይሰጥምም። ስለዚህ የቨርሞንት ሰው በሌሎች ስቴቶች በር ላይ የሚያሳየው ወረቀት የለውም። ለዚህ ነው ያለ ፈቃድ በሚያዝባቸው ስቴቶች የሚኖሩ ብዙ ሰዎች ለጉዞ ብለው ብቻ ፈቃድ የሚያወጡት። ለነዋሪ ላልሆነ ሰው የሚሰጠውን የዩታን ፈቃድ የሚፈልጉም ብዙ ናቸው፤ ግን እሱም የትም ይሠራል ማለት አይደለም። ለምሳሌ ኮሎራዶ የምትቀበለው ሰውየው ከሚኖርበት ስቴት ያወጣውን ፈቃድ ብቻ ነው። የቴክሳስ ልጅ በዩታ ፈቃድ ዴንቨር ሄዶ አውሮራ ያሉ ዘመዶቹን ልጠይቅ ቢል ያ ወረቀት አይረዳውም።

ዲሲ፣ ሜሪላንድ፣ ቨርጂኒያ

አንባቢዎቻችን በብዛት ያሉት እዚህ ስለሆነ ረዘም አድርገን እንየው። በሃያ ደቂቃ መንዳት ሦስት የተለያየ ሕግ የሚገኝበት አካባቢ ነው።

ቨርጂኒያ ውስጥ ሸሽጎ የመታጠቅ ፈቃድ የሚሰጠው በሰርኪዩት ፍርድ ቤት በኩል ነው፣ ዕድሜ 21 መሙላት ያስፈልጋል፣ ለ5 ዓመት ያገለግላል። ሜሪላንድ ስትገቡ ግን ያ ካርድ ዋጋ የለውም። ሜሪላንድ የየትኛውንም ስቴት ፈቃድ አትቀበልም። ዲሲም አትቀበልም። ዲሲ ላይ ነገሩ ይብሳል፣ ምክንያቱም ከመያዝ ፈቃዱ በፊት የመሣሪያው ምዝገባ የሚባል ነገር አለ፤ ጥይት ብቻውን ስለመያዝም ራሱን የቻለ ሕግ አላት። ከተኩስ ልምምድ የተረፈች አንዲት ጥይት የቦርሳ ኪስ ውስጥ ረስቶ ዲሲ መግባት ቀልድ አይደለም።

ሁለቱም ቦታዎች ለነዋሪ ላልሆነ ሰው በር ዘግተዋል ማለት ግን አይደለም። ሜሪላንድ ውስጥ ለስቴት ፖሊስ፣ ዲሲ ውስጥ ለከተማው ፖሊስ ማመልከት ይቻላል። ሜሪላንድ ለመጀመሪያ ጊዜ አመልካች የ16 ሰዓት ሥልጠና ትጠይቃለች። ገንዘብና ጊዜ ይፈጃል፣ እውነት ነው። ቨርጂኒያ እየኖረ ሜሪላንድ የሚሠራና የግድ መያዝ አለብኝ የሚል ሰው ያለው ሕጋዊ መንገድ ግን ይሄው ነው። ሌላው «ማን ያየኛል» ነው፤ እሱን አንመክርም።

አንድ የማይታመን ነገር ልንገራችሁ። የውድሮው ዊልሰን ድልድይ ቨርጂኒያንና ሜሪላንድን ያገናኛል ነው የሚባለው፤ መሃል ላይ ግን ከዲሲ ጫፍ ጥቂቷን ቆርጦ ያልፋል። በአንድ ድልድይ ላይ ሦስት ሕግ ማለት ነው። ከተማ መሃል ያለው ሰፊው የናሽናል ሞል ሣር ደግሞ የብሔራዊ ፓርክ ይዞታ ነው። ከ2010 ጀምሮ በፓርኮች ውስጥ የሚሠራው ፓርኩ ያለበት ስቴት ሕግ ስለሆነ፣ ሸናንዶዋ ቅጠል ሲቀላ ለማየት ስትሄዱ የሚዳኛችሁ የቨርጂኒያ ሕግ ነው፣ ሞሉ ላይ ግን የዲሲ ነው። በየትኛውም ፓርክ ውስጥ ያለ የመንግሥት ሕንፃ፣ ወላ የጎብኚዎች ማዕከሉ፣ በፌዴራል ሕግ ክልክል ነው። እግረ መንገዳችንን፣ ይሄው ሕግ የኢሚግሬሽን ቢሮንና የሶሻል ሴኩሪቲ ቢሮንም ይጨምራል። የጣት አሻራ ቀጠሮ ያለው ሰው ጠዋት ከቤት ሲወጣ ወገቡን ይፈትሽ።

ቨርጂኒያ ውስጥም ቢሆን ሁሉ ነገር ልቅ አይደለም። ሸሽጎ የታጠቀ ሰው መጠጥ በሚሸጥ ሬስቶራንት ውስጥ መጠጣት አይችልም። ክትፎ በልታችሁ በውሃ ልትወጡ ትችላላችሁ። አንድ ቢራ ግን ነገሩን ወንጀል ያደርገዋል።

ማለፍ ይቻላል፣ በምን ሁኔታ?

በ1986 የወጣ አንድ የፌዴራል ሕግ ለመንገደኛ ከለላ ይሰጣል። ይዘቱ ባጭሩ ይሄ ነው፦ መሣሪያውን ይዞ መንቀሳቀስ ሕጋዊ ከሆነልህ ቦታ ተነስተህ፣ ሕጋዊ ወደሚሆንልህ ሌላ ቦታ የምትሄድ ከሆነ፣ መሃል ላይ ያለው ስቴት ሕግ ምንም ቢል ማለፍ ትችላለህ። ግን ሽጉጡ ባዶ መሆን አለበት። ሽጉጡም ጥይቱም ከተቀመጥክበት እጅህ የማይደርስበት ቦታ መሆን አለባቸው። መኪናው ለብቻው የተዘጋ የኋላ ዕቃ መጫኛ ካለው እዚያ። ከሌለው፣ እንደ ቫንና እንደ ኤስዩቪ ከሆነ፣ የተቆለፈ ሣጥን ውስጥ። የዳሽቦርዱ ኪስና በሁለቱ የፊት ወንበሮች መሃል ያለው ሣጥን ቢቆለፉም እንደ ሣጥን አይቆጠሩም፤ ሕጉ በስም ጠቅሶ ነው ያስወጣቸው።

እዚህ ላይ ቆም እንበል፣ ምክንያቱም ሕጉ የሚጠብቀው አላፊን እንጂ እንግዳን አይደለም። ከቨርጂኒያ ተነስቶ በሜሪላንድ አቋርጦ ፔንሲልቬንያ ላለው አደን የሚሄድ ሰው አላፊ ነው። ሲልቨር ስፕሪንግ ለሰርግ የሚሄድ ሰው ግን መድረሻው ራሱ መታጠቅ የማይችልበት ቦታ ስለሆነ ይሄ ከለላ አይሸፍነውም። ሜሪላንድ ለራሷ ጠበብ ያሉ ፈቃዶች አሏት፤ ለምሳሌ ወደ ተኩስ ልምምድ ቦታ ባዶውን በመያዣው አድርጎ መውሰድ ይቻላል። «ለማንኛውም መኪና ውስጥ ይቀመጥ» የሚባል ፈቃድ ግን የለም።

አላፊውም ቢሆን የት ድረስ ነው አላፊ የሚባለው? ነዳጅ ለመሙላት፣ ሽንት ቤት ለመግባት መቆም ብዙ ጭቅጭቅ የለበትም። ማደር ሲመጣ ግን ችግር ነው። በ2005 አንድ የዩታ ነዋሪ በአውሮፕላን ወደ አለንታውን፣ ፔንሲልቬንያ እየሄደ ነበር። ሽጉጡን በደንቡ መሠረት አስመዝግቦ፣ ቆልፎ፣ ከሻንጣው ጋር አስጭኗል። ኒውዋርክ፣ ኒው ጀርሲ ላይ ቀጣዩ ጉዞው ተበላሸበት፤ ሻንጣውን ተቀብሎ ሆቴል አደረ። በማግስቱ ኤርፖርት ሄዶ «ሽጉጥ አለኝ» ብሎ እንደ ደንቡ ራሱ ሲናገር ተያዘ። ቀናት ታስሮ ተለቀቀ፣ ክሱም ተነሳ፤ እሱ ግን መብቴ ተጥሷል ብሎ ከሰሰ። በ2010 የፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤቱ በሱ ላይ ፈረደ። ምክንያቱ፦ ሆቴል ባደረበት ሌሊት ሻንጣው እጁ ላይ ስለነበር መሣሪያው «እጅ የማይደርስበት» አልነበረም። ሰውየው አንድም ነገር አልደበቀም። በረራ ተበላሽቶበት ሆቴል ማደሩ ብቻ በቂ ሆነ።

ከዚህ የምንወስደው ነገር ግልጽ ነው። ሽጉጥ የያዘ ሻንጣ አስመዝግባችሁ ኒው ዮርክ ወይም ኒው ጀርሲ ላይ በረራ ከተሰረዘባችሁ ሻንጣውን አትቀበሉ። አየር መንገዱ ጋ እንዲቆይ ጠይቁ።

ኒው ጀርሲና ኒው ዮርክ

ስለዚህ ጉዳይ የሚያወራ ሰው ሁሉ የሚጠቅሳት የፊላደልፊያ እናት አለች። የሁለት ልጆች እናት ናት፣ በፔንሲልቬንያ ሕግ የወጣ ፈቃድ ነበራት፣ ወንጀል ሠርታ አታውቅም። በጥቅምት 2013 ኒው ጀርሲ ውስጥ መስመር አላግባብ ቀየርሽ ተብላ ፖሊስ አስቆማት። ሐቀኛ ሰው እንደሚያደርገው «ሽጉጥ አለኝ፣ ፈቃዴም ይኸው» አለችው። ኒው ጀርሲ የፔንሲልቬንያን ፈቃድ አትቀበልም። ታሰረች፤ የቀረበባት ክስ ቢያንስ 3 ዓመት ተኩል በእስር የሚያስቀምጥ ነበር። ጉዳዩ አገር አነጋገረ፣ ዐቃቤ ሕጉ በ2014 ከእስር ውጭ በሚያልቅ ፕሮግራም እንድትገባ ፈቀደ፣ በሚያዝያ 2015 ደግሞ የዚያን ጊዜው የስቴቱ ገዥ ክሪስ ክሪስቲ ሙሉ ይቅርታ ሰጣት። ታሪኩን የሚተርኩት ሰዎች በይቅርታው ነው የሚጨርሱት። እኛ ግን የሚያስጨንቀን ጋዜጣ ያልጻፈለት፣ ገዥ ስሙን ያልሰማው ሰው ነው።

ኒው ጀርሲ ጫፋቸው ጎድጎድ ያሉ፣ ሥጋ ውስጥ ሲገቡ የሚዘረጉ ጥይቶችንም ከተወሰኑ ሁኔታዎች ውጭ ትከለክላለች። ሌላ ቦታ ለራስ መከላከያ በብዛት የሚሸጠው ደግሞ ይሄው ዓይነት ጥይት ነው። ስለዚህ ሽጉጡ ሕጋዊ ሆኖ ጥይቱ ሕገ ወጥ ሊሆን ይችላል።

ኒው ዮርክም የማንንም ፈቃድ አትቀበልም። ኒው ዮርክ ከተማ እንዲያውም ከዚያው ስቴት ከሌላ ካውንቲ የወጣውንም ፈቃድ ለብቻው ካላጸደቀችው አትቀበልም። ነዋሪ ላልሆነ ሰው የማመልከቻ በር የከፈተችው በ2024፣ ያውም ከተከሰሰች በኋላ ነው። ከ10 ጥይት በላይ የሚይዝ ካዝና፣ አንዳንዱ ሰው ካርታ የሚለው፣ በስቴቱ ሕግ ክልክል ነው። በጣም ብዙ ሰው የሚወድቅበት ግን «ጥይት የጎረሰ» የሚለው ቃል ትርጉም ነው። እኛ ስንናገር የጎረሰ ማለት ጥይቱ ሽጉጡ ውስጥ ገብቷል ማለት ነው። በኒው ዮርክ ሕግ ግን ሽጉጡ ባዶ ሆኖ፣ ለሱ የሚሆን ጥይት አብሮህ ካለ እንደ ጎረሰ ይቆጠራል። ከቤትና ከንግድ ቦታ ውጭ የጎረሰ ሽጉጥ ያለ ፈቃድ መያዝ ደግሞ ከባድ ወንጀል ነው፣ መነሻው 3 ዓመት ተኩል። በኒው ዮርክ ኤርፖርቶች ሽጉጣቸውን ለማስመዝገብ ቆጣሪው ጋ ቀርበው የታሰሩ መንገደኞች አሉ።

ወደ ምዕራብ ስንሄድ ደግሞ ካሊፎርኒያ የሌላ ስቴት ፈቃድ አትቀበልም፤ ከላስ ቬጋስ ተነስቶ ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ ያለችው ሊትል ኢትዮጵያ ምሳ ልብላ የሚል የኔቫዳ ልጅ ይሄን ይወቅ። ኢሊኖይም አትቀበልም፣ ግን በስቴቱ መታጠቅ የሚችል ሰው መኪናው ውስጥ እስካለ ድረስ እንዲያልፍ ትፈቅዳለች። ሚኒሶታና ዋሽንግተን ስቴት ከሚመርጡት ውስጥ ናቸው፤ ዝርዝራቸውን በየፖሊሳቸውና በየዐቃቤ ሕጋቸው ድረ ገጽ ያወጣሉ። ቴክሳስ ውስጥ ደግሞ በር ላይ የሚለጠፍ፣ በሕግ ቃሉ የተወሰነ ማስታወቂያ አለ፤ እሱን አይቶ ታጥቆ የገባ ሰው በራሱ ጥፋተኛ ነው።

አንድ ስቴት ፈቃዳችሁን ቢቀበል እንኳ ያላለቀ ነገር አለ። በፌዴራል ሕግ ከትምህርት ቤት 1000 ጫማ፣ ማለትም 300 ሜትር ገደማ ክልል ውስጥ መሣሪያ መያዝ ወንጀል ነው። ፈቃድ ላለው ሰው ልዩ ሁኔታ አለ፣ ነገር ግን የሕጉ ቃል የሚለው ፈቃዱን የሰጠው ትምህርት ቤቱ ያለበት ስቴት ሲሆን ነው። ከሌላ ስቴት የመጣና «ተቀብለንሃል» የተባለ እንግዳ በዚህ ቃል አልተሸፈነም። ባዶውን በተቆለፈ ሣጥን ከሆነ ችግር የለውም። ከተማ ውስጥ ትምህርት ቤት የሌለበት 300 ሜትር ስንት አለ? አስቡት።

ትራክ ለሚነዱና ታክሲ ለሚሠሩ

ከኛ ሰዎች ብዙዎቹ ትልቅ መኪና ይነዳሉ። በሳምንት ሰባትና ስምንት ስቴት ያቋርጣሉ፣ መኪናው ውስጥ ያድራሉ፣ በጨለማ ማቆሚያ ቦታ ብቻቸውን ይተኛሉ። መሣሪያ መፈለጋቸው ለምን እንደሆነ ይገባናል። ትራክ ስለነዳህ አትያዝ የሚል የፌዴራል ሕግ የለም፤ መኝታ ያለው ጋቢና ግን ከሾፌሩ የተለየ ዕቃ መጫኛ ስላልሆነ የሚሠራው ደንብ የተቆለፈው ሣጥን ነው። ከትራስ ሥር ማድረግ ቴክሳስ ላይ ሕጋዊ ሊሆን ይችላል፣ ኒው ጀርሲ ማደሪያ ላይ እስር ቤት ያስገባል። ከዚያ በላይ ደግሞ ብዙ ኩባንያዎች በቅጥር ውላቸው ይከለክላሉ፤ ስቴቱ ቢፈቅድም ሥራው ይሄዳል። ኡበርና ሊፍትም ሾፌሩም ተሳፋሪውም መሣሪያ እንዳይዙ ይከለክላሉ። ካናዳና ሜክሲኮ ድንበር አካባቢ የምትጭኑ ሰዎች፣ በተሳሳተ መታጠፊያ ገብቶ ድንበር ላይ መገኘት የሚያስከትለው ጣጣ ከስቴቶቹ ሁሉ የከፋ ነው።

ለአውሮፕላን ደንቡ አጭር ነው። ባዶ፣ የተቆለፈ ጠንካራ ሣጥን ውስጥ፣ ሻንጣ ከሚጫንበት ጋር ብቻ፣ በያንዳንዱ ጉዞ ቆጣሪው ላይ ተናግሮ። በእጅ ቦርሳ ፈጽሞ አይሆንም። በ2024 የኤርፖርት ፍተሻዎች ላይ 6,678 መሣሪያ ተይዟል፣ አብዛኛው ጥይት የጎረሰ ነበር፤ ብዙው ሰው «ቦርሳው ውስጥ መኖሩን ረስቼው» ነው ያለው። የገንዘብ ቅጣቱ ከ14 ሺህ ዶላር በላይ ሊደርስ ይችላል። አዲስ አበባ ይዞ ስለመሄድማ አታስቡት። ኢትዮጵያ በዐዋጅ ቁጥር 1177/2012 የራሷ ሥርዓት አላት፤ የአሜሪካ ፈቃድ እዚያ ተራ ወረቀት ነው።

ግሪን ካርድ፣ ቪዛ፣ ጫት

አሁን ወደዘለልነው እንመለስ። ግሪን ካርድ ያለው ሰው በፌዴራል ሕግ መሣሪያ መግዛትና መያዝ ይችላል። በተማሪ፣ በጉብኝት ወይም በመሳሰለው ጊዜያዊ ቪዛ ያለ ሰው፣ እንደ አደን ፈቃድ ካሉ ጥቂት ልዩ ሁኔታዎች በስተቀር፣ አይችልም። ወረቀት የሌለው ሰው ጭራሽ አይችልም፤ የሌላ ሰው ሽጉጥ ለአንድ ቀን በመኪናው ይዞ መገኘቱም የፌዴራል ወንጀል ነው። የጥገኝነት ጉዳዩ በሂደት ላይ ያለ ሰው ጠበቃ ሳያናግር አይሞክረው።

ግሪን ካርድ ያለውን ሰው የሚጎዳው ሌላ አንቀጽ ነው። የኢሚግሬሽን ሕጉ፣ የትኛውንም የመሣሪያ ሕግ ጥሶ መሣሪያ በመግዛት፣ በመሸጥ፣ በመያዝ ወይም ይዞ በመንቀሳቀስ የተፈረደበት የውጭ ዜጋ ከአገር ሊባረር ይችላል ይላል። የጊዜ ገደብ የለውም፤ አሜሪካ በገባ በ2 ዓመትም በ25 ዓመትም ይሠራል። ከባድ ወንጀል መሆን የለበትም። ድልድይ ተሻግሮ መገኘት፣ አንድ ቀላል ክስ፣ «ጥፋተኛ ነኝ በልና ያለ እስር ትወጣለህ» የሚል ድርድር ይበቃል። ዜጋ ለሆነ ጓደኛው ያ ድርድር ጥሩ ነው። ለሱ ግን ልጆቹ ያሉበትን አገር የሚያስጥለው ፊርማ ሊሆን ይችላል።

ስለዚህ የተያዘ ሰው መጀመሪያ ሊናገር የሚገባው «ጠበቃ እፈልጋለሁ» ነው፣ ሁለተኛው ደግሞ ለጠበቃው «ዜጋ አይደለሁም» ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2010 የወንጀል ጠበቃ ለውጭ ዜጋ ደንበኛው ጥፋተኝነትን ማመን ሊያስባርር እንደሚችል የመንገር ግዴታ አለበት ብሏል። ክሱ በየትኛው አንቀጽ እንደተጻፈ ለውጥ ያመጣል፤ አንዳንዴ በአንድ ቃል ልዩነት ሰው ይተርፋል። ያንን የሚያውቀው የኢሚግሬሽን ጠበቃ ነው፣ ከመፈረም በፊት እንጂ ከተፈረመ በኋላ አይደለም።

ሌላው ዝም የሚባልበት ጉዳይ ይሄ ነው። የፌዴራል ሕግ በሕገ ወጥ ዕፅ ተጠቃሚ የሆነ ሰው መሣሪያ እንዳይዝ ይከለክላል። ይሄ አንቀጽ በፍርድ ቤት እየተሟገቱበት ያለ ቢሆንም መጽሐፉ ላይ አለ። ማሪዋና በዲሲ፣ በሜሪላንድና በቨርጂኒያ መያዝ ቢፈቀድም ለዚህ ሕግ ተጠቃሚው ተጠቃሚ ነው። ጫትስ? ጫት ውስጥ ያለው ካቲኖን በአሜሪካ ሕግ ከሄሮይን ጋር በአንደኛው መደብ የተቀመጠ ዕፅ ነው። አገር ቤት እንደ ቡና የሚታየው ነገር እዚህ ሽጉጥ አጠገብ ሲገኝ ሁለት ክስ ይሆናል።

«የአጎቴ ልጅ ቨርጂኒያ አለ፣ እሱ ይሰጠኛል» የሚለውም አይሠራም። የአንድ ስቴት ነዋሪ ለሌላ ስቴት ነዋሪ ሽጉጥ ማስተላለፍ የሚችለው ተቀባዩ በሚኖርበት ስቴት ባለ ፈቃድ ባለው ነጋዴ በኩል ነው። በስጦታም ቢሆን፣ በወንድማማች መሃልም ቢሆን።

ፖሊስ ሲያስቆም

መኪናውን አጥፉ፣ የውስጥ መብራት አብሩ፣ ሁለቱንም እጅ መሪው ላይ አድርጉ። አንዳንድ ስቴቶች፣ ለምሳሌ ሰሜን ካሮላይናና ዲሲ፣ ሸሽጎ የታጠቀ ሰው ፖሊሱ ሳይጠይቀው ራሱ እንዲናገር ያስገድዳሉ። ቨርጂኒያ ውስጥ ሲጠየቅ ፈቃዱን ማሳየት ነው። «ሽጉጥ» የሚለውን ቃል እየተናገራችሁ እጃችሁን ወደ ኪስ ወይም ወደ ዳሽቦርዱ አትስደዱ፤ መጀመሪያ የት እንዳለ ተናገሩ፣ ከዚያ ፖሊሱ ያላችሁን ብቻ አድርጉ። እንግሊዝኛችሁ በድንጋጤ የሚጠፋ ከሆነ አንዷን ዓረፍተ ነገር ቤት ውስጥ ተለማመዷት። መኪናው እንዲፈተሽ ሲጠየቅ አልፈቅድም ማለት መብት ነው፣ በትህትና። እጅ ለእጅ መያያዝ ግን የለም።

ከመንገድ በፊት የምታልፉበትን እያንዳንዱን ስቴት፣ ከምታድሩበት ብቻ ሳይሆን፣ በራሱ ፖሊስ ወይም ዐቃቤ ሕግ ድረ ገጽ አጣሩ። የፌስቡክ ኮሜንት፣ የመሣሪያ ሱቅ ሻጭ ቃል፣ የ2019 ዩቲዩብ ቪዲዮ ፍርድ ቤት አይቆምላችሁም። ያያችሁትን ገጽ ከነቀኑ ስክሪንሾት አድርጋችሁ ያዙ። እኛም ይሄን ጽሑፍ የሚነካ ሕግ ሲቀየር እዚሁ እናስተካክላለን። የምትሄዱበት ሰርግ ሲልቨር ስፕሪንግ ከሆነ ግን ማጣራትም አያስፈልግም፦ ሽጉጡ ቤት፣ ካዝናው ውስጥ ተቆልፎ ይደር።